ከገበታው የቀረው ማን ነው?

የብሔረሰቦች ግጭትና አያያዙ በወለጋ ታሪክ ሲመረመር

በአገራችን ስለ ብሔረሰቦች ግጭት ወሬ ሲነሣ ሁለት ዓይነት ተናጋሪ አይጠፋም። አንደኛው «ድሮ ተዋደን ተፋቅረን እንኖር ነበር፤ ክልል የሚሉት ነገር መጥቶ አፋጀን» ይላል። ሁለተኛው ደግሞ «ድሮም ፍቅር አልነበረም፤ አሁን የሚታየው የመቶ ዓመት ሒሳብ ነው» ብሎ ይመልሳል። ሁለቱም ሲናገሩ በጣም እርግጠኞች ናቸው። ሁለቱም ግን ታሪክን የሚፈልጉት ለክስ መዝገብ ነው። መዝገቡን ከፍተው ለራሳቸው የሚመቸውን ገጽ ያነባሉ፣ ሌላውን ይዘጉታል።

ይህ ጽሑፍ አንድ ቀላል ጥያቄ ይዞ ተነሥቷል። በየዘመኑ የመጣ መንግሥት ልዩ ልዩ ሕዝቦችን አንድ ላይ ለማስተዳደር አንድ ዓይነት ብልሃት ዘርግቷል። ብልሃቱን ገበታ እንበለው። በገበታው ዙሪያ የተቀመጠው ማን ነበር? ቆሞ የቀረውስ ማን ነው? የኋላው ግጭት ብዙውን ጊዜ የሚፈነዳው ቆሞ በቀረው ሰው በኩል ነው የሚል እምነት አለኝ። ምሳሌዬ ወለጋ ነው። ምክንያቱም ግልጽ ነው፤ የምንማረው ነቀምቴ ላይ ነው፣ ከከተማው ወጣ ሲሉ ጉቶ ጊዳ ወረዳ ነው፣ ደግሞም ኢትዮጵያ በ140 ዓመት ውስጥ ለዚህ በሽታ የሞከረችው መድኃኒት ሁሉ በዚህ ምድር ላይ ተሞክሯል።

የሌሎች አገሮች ትምህርት

በመጀመሪያ ትንሽ ራቅ ብለን እንይ። ከቅኝ አገዛዝ የወጡት የአፍሪካ አገሮች አውሮጳውያን ያሰመሩትን ድንበር ወረሱ። የአፍሪካ አንድነት ድርጅትም እ.ኤ.አ. በ1964 ካይሮ ላይ ተሰብስቦ ድንበሩ እንዳለ ይከበር ብሎ ወሰነ። በውጭ በኩል ጦርነት ይቀንሳል ተብሎ ነበር። በውስጥ በኩል ግን እያንዳንዱ አገር ከራሱ ቤት ጣጣ ጋር ፊት ለፊት ተፋጠጠ።

ናይጄሪያ እ.ኤ.አ. በ1960 ነፃ ስትወጣ በሦስት ታላላቅ ክፍለ ሀገሮች የተከፈለች ነበረች። ሦስቱም በየአንዳንዱ ትልቅ ብሔረሰብ መዳፍ ሥር ነበሩ። ውጤቱ ከ1967 እስከ 1970 የተካሄደው የቢያፍራ ጦርነት ሆነ። መንግሥቱም አገሪቱን በ1967 ወደ 12፣ በ1976 ወደ 19፣ በ1996 ደግሞ ወደ 36 ግዛቶች ሸነሸናት። ፕሬዚዳንት ለመሆን የሚፈልግ ሰው ከግዛቶቹ በሁለት ሦስተኛው ውስጥ ቢያንስ ከመቶ 25 ድምፅ ማግኘት አለበት የሚል ብልህ ሕግም አወጣች። ይህ ጠቅሟል፤ ታላላቆቹ ብሔረሰቦች ተመልሰው እንደ ቢያፍራ ጊዜ ጦር አልተማዘዙም። ነገር ግን አዲስ ግዛት በተፈጠረ ቁጥር «የአገሩ ተወላጅ» እና «ሠፋሪ» የሚባል አዲስ ልዩነት አብሮ ተወለደ። የጆስ ከተማ ከ2001 ጀምሮ በተደጋጋሚ ደም የፈሰሰባት በዚሁ ጥያቄ ነው፤ ሦስት ትውልድ የኖረው ሰው ተወላጅ ነው ወይስ ሠፋሪ?

ታንዛኒያ ሌላ መንገድ ሄደች። ኔሬሬ የጎሣ አለቆችን ሹመት ሻረ፣ ስዋሂሊን የሁሉም ቋንቋ አደረገ። ስዋሂሊ የየትኛውም ትልቅ ብሔረሰብ የግል ንብረት ስላልነበረ ነገሩ ሠመረ። ሩዋንዳ ደግሞ የመጨረሻውን ገደል አሳየችን። የቤልጂግ አስተዳደር በ1930ዎቹ መታወቂያ ላይ ያተመው የዘር ስም በ1994 በየኬላው የሞት ፍርድ ወረቀት ሆነ።

ታዲያ እኛ ከዚህ ምን አገባን? ኢትዮጵያ ከአምስቱ የወረራ ዓመታት በስተቀር ቅኝ አልተገዛችም ይባላል። ልክ ነው። ይሁንና ዶክተር መረራ ጉዲና እንደ ጻፉት የዛሬዋ ኢትዮጵያ ስለ ተሠራችበት መንገድ ሦስት አመለካከቶች ይጋጫሉ፤ አገር ግንባታ ነበር የሚል፣ የብሔር ጭቆና ነበር የሚል፣ ቅኝ አገዛዝ ነበር የሚል። ስሙ ላይ ሳንስማማ ቀርተናል። በሽታው ግን ከጎረቤቶቻችን በሽታ ጋር ይመሳሰላል።

የሌቃ ገበታ

በ1874 ዓ.ም. ግንቦት ላይ ሸዋና ጎጃም በሆሮ ጉድሩ ምድር፣ እምባቦ ላይ ተዋጉ። ሸዋ አሸነፈ። የሌቃ ነቀምቴው ገዥ ሞሮዳ በከሬ የኃይሉን ሚዛን አይቶ ለራስ ጎበና ያለ ጦርነት ገበረ። ልጁ ኩምሣ ሞሮዳ ክርስትና ተነሥቶ ደጃዝማች ገብረ እግዚአብሔር ተባለ። ሌቃም እንደ ጅማ አባ ጅፋር አገር ቁርጥ ግብር፣ ወርቅና የዝሆን ጥርስ፣ ለቤተ መንግሥቱ እያስገባች በራሷ ባላባት ትተዳደር ጀመር። ነቀምቴ ያለውን የኩምሣ ሞሮዳን ቤተ መንግሥት ያልጎበኘ ተማሪ ካለ ይጎብኝ። ከዚያ ቤት የተገኙት የዘመኑ ደብዳቤዎች በአማርኛ የተጻፉ መሆናቸውን ያስተውል። አንድ የኦሮሞ ገዥ ከአዲስ አበባ ጋር በአማርኛ ይጻጻፋል፣ ከሕዝቡ ጋር በኦሮምኛ ይፈርዳል። በዚያው ከተማ ኦነሲሞስ ነሲብ፣ ከአስቴር ጋኖ ጋር ደክሞ እ.ኤ.አ. በ1899 መጽሐፍ ቅዱስን በኦሮምኛ ያሳተመው ሰው፣ ከ1904 ጀምሮ ልጆችን በአፍ መፍቻ ቋንቋቸው ያስተምር ነበር።

ነገሩ ያምራል። ነገር ግን ጥያቄያችንን እናንሣ፤ ከገበታው የቀረው ማን ነበር? ስምምነቱ በሁለት ባላባቶች መካከል ነው። ወርቁን የሚያጥበው፣ ማሩን የሚያመጣው ገባር በስምምነቱ ውስጥ ድምፅ አልነበረውም። ከሁሉ ይልቅ የራቀው ደግሞ በዴዴሳና በዓባይ ቆላ የሚኖረው ጉሙዝ ነበር። ጉሙዝን ከሰሜንም ከደቡብም የመጣ ኃይል በባሪያ ፍንገላ አሳዶታል። ደገኛው ሁሉ፣ አማራም ይሁን ኦሮሞ ወይም አገው፣ ስሙን እንኳ አልጠየቀውም፤ ባሪያን በሚያመለክት የወል ስም ጠራው። ይህ ትዝታ በቆላው ሰው ዘንድ ዛሬም አልበረደም። የኋላውን ለመረዳት የሚፈልግ ይህን በልቡ ይያዝ።

እርግጥ ነው፣ ሕዝቡ ከገዢዎቹ ተለይቶ የራሱ ብልሃት ነበረው። ኦሮሞው በሞጋሳ ባዕዱን ወደ ጎሣው ያስገባ ነበር፣ በጉማ ደም ያስታርቅ ነበር። በመተከል በኩል ደግሞ ጉሙዙ ከጎረቤቱ ጋር ሚቹ ይባባል ነበር። ሚቹ በኦሮምኛ ወዳጅ ማለት ነው። መሬት የሚፈልግ ጎረቤት ጉሙዙን ሚቹ አድርጎ በሰላም ያርሳል፣ ጠብ ሲነሣ ሚቹዎቹ ይዳኛሉ። እነዚህን ልማዶች ማንቆለጳጰስ አልፈልግም፤ ሞጋሳ የገባው ሰው የራሱን ጎሣ ስም ይተው ነበር። ሆኖም አንድ ትልቅ ቁም ነገር አለባቸው፤ የመጣው ሰው ከነባሩ ጋር የሚተሳሰርበት በር ነበራቸው።

አንድ ቋንቋ፣ አንድ ማዕከል

ጣልያን ሲመጣ አገሪቱን በዘር ሸንሽኖ ወለጋን መናገሻው ጅማ በሆነ ግዛት ውስጥ አስገባት። ከዚያ ጥቂት ቀደም ብሎ፣ ንጉሠ ነገሥቱ በ1928 ዓ.ም. አገር ለቀው ሲወጡ፣ በደጃዝማች ሀብተ ማርያም ገብረ እግዚአብሔር የሚመሩ ከሠላሳ የሚበልጡ የምዕራብ ባላባቶች ጎሬ በነበረው የእንግሊዝ ቆንስል በኩል ለመንግሥታት ማኅበር ጥበቃ ይደረግልን ብለው ጽፈዋል። ይህን አንዳንዱ ክህደት ይለዋል፣ አንዳንዱ ደግሞ የነፃነት ትግል መጀመሪያ። እኔ እንደማነበው ግን የአሮጌው የሌቃ ስምምነት መፍረሱን የሚያሳይ ደብዳቤ ነው። ከማዕከሉ ጋር በቁርጥ ግብር ተስማምቶ የኖረ አገር፣ ማዕከሉ ውሉን እያጠበበ ሲመጣ ሌላ ተዋዋይ ፈለገ።

ከድሉ በኋላ የመጣው መንግሥት ሰሚ አልሆነም። እ.ኤ.አ. በ1944 የሚሲዮኖችን ሥራ የሚመለከት ድንጋጌ ወጥቶ የማስተማሪያው ቋንቋ አማርኛ እንዲሆን አዘዘ። ኦነሲሞስ በነቀምቴ የከፈተው በር ከ40 ዓመት በኋላ ተዘጋ ማለት ነው። በ1955 ዓ.ም. የተመሠረተው የሜጫና ቱለማ መረዳጃ ማኅበርም መንገድና ትምህርት ቤት እሠራለሁ ብሎ ተነሣ፤ እ.ኤ.አ. በ1967 ታገደ። እዚህ ላይ ከገበታው የቀረው ብዙኃኑ ነው። ዋለልኝ መኮንን በኅዳር 1962 ዓ.ም. የብሔረሰቦችን ጥያቄ በተማሪዎች ልሳን ላይ ያወጣው ከዚህ በኋላ ነው። ጽሑፉ አጭር ነበር፤ የወጣውም እንደኛው ባለ የተማሪ ገጽ ላይ ነው። አገር ሲያወዛግብ ግን ከሃምሳ ዓመት በላይ ሆነው። ተማሪ የሚጽፈው ነገር ከግቢ አይወጣም የሚል ካለ ይህን ያስብ።

መሬት ለአራሹ፣ ሠፈራ ለተራበው

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት አዋጅ ታወጀ። ገባርና ባላባት የሚባለው ግንኙነት በአንድ ቀን ፈረሰ። በወለጋ ገበሬ ዘንድ ከዚህ የሚበልጥ ድል የለም ብል አላጋንንም። በሪሳ ጋዜጣ በኦሮምኛ መታተም ጀመረ፣ በ1971 ዓ.ም. የተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻም በ15 ቋንቋዎች ተካሄደ።

ከዚያ የ1977ቱ ረሃብ መጣ። ደርግ ከወሎ፣ ከትግራይና ከሰሜን ሸዋ ወደ 600,000 የሚጠጋ ሕዝብ አንሥቶ በምዕራብና በደቡብ ምዕራብ አሠፈረ። አሶሳና ቄቶ የዚያን ጊዜ በወለጋ ክፍለ ሀገር ውስጥ ነበሩ። ብዙው ሰው ሳይጠየቅ የመጣ ነው። ቤተሰብ ተለያይቷል፣ በወባ ያለቀው ጥቂት አይደለም። የአካባቢው ገበሬም ቢሆን ጎጆ ሥራ፣ እህል አዋጣ ተብሎ ሲታዘዝ «መሬትህን ለእንግዳ ልንሰጥ ነውና ምን ትላለህ?» ብሎ የጠየቀው አልነበረም። ካርታ ላይ ባዶ የሚመስለው ቆላ የጉሙዝና የበርታ ማደኛ፣ ማረሻና ማር መቁረጫ ነበር። እንግዲህ ልብ በሉ፤ ሠፋሪውም፣ ኦሮሞው ነባር ገበሬም፣ ጉሙዙም አልተጠየቁም። ሦስቱም ከገበታው ውጭ ናቸው። ነገር ግን ሦስቱ እርስ በርስ እንጂ ወደ ወሳኙ አልተያዩም። ወሳኙ ሩቅ ነው፣ ጎረቤት ግን ቅርብ ነው።

ክልል

ኅዳር 29 ቀን 1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት ከኋላው ከነበረው ሁሉ የሚለይበት ነገር አለ። ቋንቋን ነፃ አወጣ። ዛሬ የነቀምቴ ልጅ በኦሮምኛ ተምሮ በኦሮምኛ ፍርድ ቤት ይከራከራል። ይህን የሚያቃልል ሰው በሰው ቋንቋ ተከስሶ በአስተርጓሚ የተፈረደበትን የገባር ልጅ አላሰበም።

ይሁን እንጂ ሕጉ ውስጥ ሁለት ድምፅ ይሰማል። አንቀጽ 32 ማንም ኢትዮጵያዊ በፈለገበት የአገሪቱ ክፍል የመኖር መብት አለው ይላል። የየክልሉን ሕገ መንግሥት ስንከፍት ግን ሌላ ነገር እናገኛለን። የኦሮሚያው የበላይ ሥልጣን ባለቤት የኦሮሞ ሕዝብ ነው ይላል። የቤኒሻንጉል ጉሙዙ ደግሞ በርታ፣ ጉሙዝ፣ ሽናሻ፣ ማኦና ኮሞን የክልሉ ባለቤቶች ብሎ ይጠራል፤ ሌላውን ነዋሪ ዕውቅና ይሰጠዋል እንጂ ባለቤት አይለውም።

እስቲ አንድ ገበሬ በዓይነ ሕሊናችን እንሳል። ኦሮሞ ነው። ሳሲጋ ውስጥ ቢኖር ባለቤት ነው። ወሰኑን ተሻግሮ ወደ በሎ ጅጋንፎይ ቢዘልቅ መጤ ይሆናል። ኪረሙ ላይ ያለው አማራ ጎረቤቱ መጤ ነው፤ ዓባይን ተሻግሮ ቡሬ ቢገባ ባለቤት ይሆናል። ሰውየው ያው ነው፣ ሞፈሩ ያው ነው። የተለወጠው መስመሩ ብቻ ነው። ስለዚህ «መጤ» የአንድ ብሔረሰብ ስም ሳይሆን እንደ ወንዙ የሚፈራረቅ ወንበር ነው። ዛሬ ሌላውን በዚያ ወንበር ላይ ያስቀመጠ፣ ነገ ከወንዝ ማዶ እሱ ራሱ ይቀመጥበታል።

መንግሥት ይህን ፈጽሞ አልተረዳም አይባልም። በ1995 ዓ.ም. 2.2 ሚሊዮን ሕዝብ አሠፍራለሁ ብሎ ሲነሣ ሠፈራው በየክልሉ ውስጥ ብቻ ይሁን አለ። ከደርግ ስሕተት መማር ነበር። ከሐረርጌ የመጣው ኦሮሞ በምሥራቅ ወለጋ ቆላ ሠፈረ። ቋንቋው ከነባሩ ጋር አንድ ነው፣ ክልሉም አንድ ነው። ግን ቆላው አሁንም ባዶ አልነበረም፤ ከወሰኑ ማዶም ከወዲህም ጉሙዝ ነበረ።

ደሙ

ከዚህ በኋላ ያለውን ብዙዎቻችን በዕድሜያችን ሰምተነዋል፤ አንዳንዶቻችን ከቤታችን ሸሽተን አይተነዋል። በ1993 ዓ.ም. ከጊዳ ኪረሙ በሺሕ የሚቆጠሩ አማሮች ተፈናቅለው ወደ ቡሬ ተሻገሩ። በግንቦት 2000 ዓ.ም. በሳሲጋና በበሎ ጅጋንፎይ ወሰን ኦሮሞና ጉሙዝ ተጋጭተው የሰው ሕይወት በብዛት ጠፋ። መስከረም 16 ቀን 2011 ዓ.ም. የካማሺ ዞን ባለሥልጣናት ከጊምቢ ስብሰባ ሲመለሱ ተገደሉ፤ ከዚያም በካማሺ በኩል በተነሣው ጥቃት ከመቶ ሺሕ በላይ ሰው፣ አብዛኛው ኦሮሞ፣ ወደ ወለጋ ተሰደደ። ነቀምቴና አካባቢዋ በመጠለያ ተሞሉ። ወደ ካማሺ የሚወስደው መንገድ በወለጋ በኩል ነውና መንገዱ ሲዘጋ ጉሙዙም እህልና መድኃኒት አጣ።

በ2012 ዓ.ም. ከደምቢ ዶሎ ዩኒቨርሲቲ ወደ ቤታቸው ሲጓዙ የነበሩ የአማራ ተወላጅ ተማሪዎች ታገቱ። እንደኛው ሻንጣቸውን ሸክፈው የወጡ ልጆች ናቸው። ጥቅምት 22 ቀን 2013 ዓ.ም. በምዕራብ ወለጋ ጋዋ ቃንቃ ሰዎች ለስብሰባ ተብለው ትምህርት ቤት ግቢ ውስጥ ተገደሉ። በግንቦት 2013 ዓ.ም. የመንግሥት ኃይሎች ደምቢ ዶሎ አደባባይ ላይ አንድ ወጣት ሕዝብ እያየ ረሸኑ። ነሐሴ 12 ቀን 2013 ዓ.ም. ጊዳ ኪረሙ ውስጥ ከ150 በላይ ሰዎች፣ ከዚያም በበቀል ከ60 በላይ መገደላቸውን የኢትዮጵያ ሰብአዊ መብቶች ኮሚሽን አስታወቀ። ሰኔ 11 ቀን 2014 ዓ.ም. በጊምቢ ወረዳ ቶሌ ቀበሌ የተገደሉትን አማሮች የጠቅላይ ሚኒስትሩ ጽሕፈት ቤት 338 ብሎ ቆጠረ። መንግሥትና የተረፉት ሰዎች፣ ራሱን የኦሮሞ ነፃነት ሠራዊት የሚለውንና መንግሥት ሸኔ የሚለውን ቡድን ከሰሱ፤ ቡድኑ አልፈጸምኩም አለ። በዚያው ዓመት ነሐሴ መጨረሻ በሆሮ ጉድሩ አሙሩ ወረዳ፣ አጋምሣ ከተማ፣ የአማራ ታጣቂዎች በፈጸሙት ጥቃት ከ60 በላይ ሰው ተገደለ።

ይህን ሁሉ በአንድ አንቀጽ መደርደሬ ለማመዛዘን አይደለም። ሬሳ በሚዛን አይለካም። ሁላችንም ከዚህ ዝርዝር ውስጥ የምናውቀው የራሳችንን መስመር ብቻ ስለሆነ ነው። አንዱ ቶሌን ያውቃል፣ አጋምሣን አልሰማም። ሌላው ካማሺን ያውቃል፣ ጋዋ ቃንቃን አያምንም። በአንድ መመገቢያ አዳራሽ እየበላን የምንኖረው በተለያየ ታሪክ ነው።

አያያዙ

ግጭቱ ከደረሰ በኋላ የሚመጣው ይታወቃል። ስብሰባ ይጠራል፣ ሽማግሌ ይቀመጣል፣ በሬ ይታረዳል፣ ፎቶ ግራፍ ይነሣል። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ማለት ይኸው ነው። በጥቅምት 2011 ዓ.ም. የሰላም ሚኒስቴር ተቋቋመ፤ ቀጥሎም የአስተዳደር ወሰንና የማንነት ጉዳዮች ኮሚሽን መጣ፤ በታኅሣሥ 2014 ዓ.ም. አገራዊ የምክክር ኮሚሽን ታወጀ። እ.ኤ.አ. በ2023 መንግሥትና የኦሮሞ ነፃነት ሠራዊት ታንዛኒያ ላይ ሁለት ጊዜ ተነጋግረው ያለ ስምምነት ተለያዩ። ንግግሩ መጀመሩ ከተኩስ ይሻላል። ሆኖም በዚያ ጠረጴዛ ላይ የተቀመጡት ጠመንጃ ያላቸው ሁለቱ ብቻ ነበሩ። የኪረሙ ገበሬ፣ ኦሮሞውም አማራውም፣ እንደ ሞሮዳ ዘመን ገባር ውሳኔ ጠባቂ ነበር።

ታዲያ ምን ይበጃል? ሦስት ነገር እላለሁ።

አንደኛ፣ በየወረዳው ምክር ቤት ውስጥ በቁጥር ለሚያንሰው ነዋሪ ወንበር ይከበርለት። ነገሩ ለሕጋችን እንግዳ አይደለም፤ ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 54 ለአናሳ ብሔረሰቦች በፓርላማው ቢያንስ 20 ወንበር ጠብቋል፤ የአማራ ክልልም ለኦሮሞ፣ ለአዊና ለኽምራ የብሔረሰብ ዞን ሰጥቷል። ዞን ብቻውን ሰላም አያመጣም፤ አጣዬ በ2013 ዓ.ም. ስትቃጠል አይተናል። ነገር ግን ድምፅ ያለው ሰው ቢያንስ ከመሸሹ በፊት የሚጮኽበት ቦታ አለው።

ሁለተኛ፣ ዕርቅ ያለ ፍርድ አይቆምም። የጉማን ሥርዓት በደንብ ያየ ሰው ይህን ያውቃል፤ ገዳዩ ሳያምን፣ ካሣ ሳይከፈል በሬው አይታረድም። የዛሬው የዕርቅ ስብሰባ ግን ገዳዩን ሳይጠራ በሬውን ያርዳል።

ሦስተኛውና የእኛው የሆነው ቃል ነው። መጤ፣ ነፍጠኛ፣ ሸኔ፣ ከሁሉም በፊት ለጉሙዙ የተሰጠው የባሪያ ስም፤ እነዚህ ቃላት ከጥይት ቀድመው የሚደርሱ ናቸው። አዲሱ የፋይዳ መታወቂያ እንደ ቀድሞው የቀበሌ መታወቂያ ብሔር የሚል መስመር የለውም። ጥሩ ነው። ግን ከካርዱ የተፋቀው በአፋችን ላይ ካለ ምን ዋጋ አለው?

ውድ አንባቢ፣ ጥቂት ዓመት ቆይተን አስተማሪ፣ ዳኛ፣ የወረዳ ሠራተኛ እንሆናለን። አንዳንዶቻችን የምንመደበው በኡኬና በአንገር ጉቲን አልፎ ወደ ዓባይ በሚወርደው መንገድ ዳር ባለ ቀበሌ ነው። አንድ ቀን አንድ ሰው ማመልከቻ ይዞ ይመጣል። አነጋገሩ ከእኛ አነጋገር ይለያል፤ ስሙም እንዲሁ። የመሬቱን ወረቀት ጠረጴዛችን ላይ ያስቀምጣል። ቁጭ በል እንለዋለን ወይስ አገርህ ወዴት ነው ብለን እንጠይቀዋለን? የወለጋ የ140 ዓመት ታሪክ በሙሉ የሚፈተነው በዚያች ደቂቃ ነው፤ ከወዲሁ ብንነጋገርበት አይከፋም።